ቃኘውን ያሻገረችው መርከብ

ጤና ይስጥልኝ፣ እንደምን ሰነበታችሁ። ዛሬ እንግዳ የለኝም፣ ብቻዬን ነኝ። ስለ አንዲት መርከብ ላወራችሁ ነው።

የኮሪያ ዘመቻ ሲነሳ ታሪኩን እንዴት እንደምንነግረው አስቡት። ጃንሆይ ቃኘው ለሚባለው የኢትዮጵያ ጦር ወታደሮች ሰንደቅ ዓላማ ሰጥተው ሸኟቸው እንላለን። ወዲያው ደግሞ ኮሪያ ተራራ ላይ ምሽግ ውስጥ እናገኛቸዋለን። እሺ፣ በመሃል ያለው ባሕርስ? አዲስ አበባና ኮሪያ እኮ ጎረቤት አይደሉም።

መርከቧ ጄኔራል ማክሬ ትባላለች። አሜሪካ፣ ካሊፎርኒያ፣ ሪችመንድ በሚባል ከተማ በካይዘር መርከብ መሥሪያ ነው የተሠራችው። ጊዜው በፈረንጅ 1944፣ ሁለተኛው የዓለም ጦርነት የተፋፋመበት ነው። የሪችመንድ መሥሪያዎች በጦርነቱ ዘመን 747 መርከብ አውጥተዋል። ብየዳውን ከሚሠሩት ውስጥ ብዙዎቹ ሴቶች ነበሩ። ማክሬን የሚመስሉ ወታደር ማጓጓዣዎች ደግሞ 30 ናቸው፤ ሁሉም በጄኔራል ስም የተጠሩ። ርዝመታቸው 159 ሜትር ያህል ነው። አንዷ ከ3 ሺህ በላይ ሰው ትይዛለች።

እንግዲህ 3 ሺህ ሰው አንድ መርከብ ውስጥ እንዴት ያድራል? አልጋው ሸራ ነው። ሸራው ከብረት ቱቦ ጋር ታስሮ ይወጠራል፤ አንዱ በአንዱ ላይ አራት አምስት ይደረደራል። ከላይ የተኛው ቢዞርበት ከሥር ያለው ይነቃል። ገላ መታጠቢያው አብዛኛውን ጊዜ የባሕር ውሃ ነው። ምግብ በሰልፍ ነው፤ የመጨረሻው ሰው ቁርሱን ሲጨርስ የምሳ ሰልፍ ይጀመራል።

ጦርነቱ ካለቀ በኋላ እነዚህ መርከቦች ሥራ አልፈቱም። እህቷ ጄኔራል ብላክ በ1948 ከጀርመን አገር የተነሱ 813 ስደተኞችን ኒውዮርክ አድርሳለች። ሌላዋ ጄኔራል ሃይንትዘልማን ከባልቲክ አገሮች የተፈናቀሉ ሰዎችን በ1947 አውስትራሊያ አውርዳለች። ለጦር የተሠራች መርከብ፣ ጦር ያፈናቀለውን ሰው አገር ስታስገባ ማለት ነው። ይሄ ነገር ሁሌ ልቤን ይነካኛል።

ማክሬ በ1950 ወደ አሜሪካ ወታደራዊ የባሕር ማጓጓዣ አገልግሎት ተዛወረች። ከዚያ ወዲህ ቀዛፊዎቿ፣ ማለቴ ባሕረኞቿ፣ ሲቪሎች ናቸው። በዚያው ዓመት የቱርክን ብርጌድ ወደ ኮሪያ ከወሰዱት መርከቦች አንዷ ነበረች። በማግስቱ ዓመት ተራው የእኛ ሰዎች ሆነ።

ቀኖቹን በእኛ አቆጣጠር ልንገራችሁ። ሚያዝያ 4 ቀን 1943 ዓ.ም. የመጀመሪያው ቃኘው ሻለቃ አዲስ አበባ ላይ ተሸኘ። ከክብር ዘበኛ የተውጣጣ፣ ከ1 ሺህ በላይ ሰው ያለው ጦር ነው። አዛዡ ሌተናል ኮሎኔል ተሾመ እርገቱ ነበሩ። ስሙ የመጣው ከአባ ቃኘው፣ ከራስ መኮንን የፈረስ ስም ነው። ከአዲስ አበባ ጅቡቲ በባቡር ወረዱ። ሚያዝያ 8 ቀን ማክሬ ላይ ተሳፍረው ተነሱ።

እዚህ ጋ ቆም ልበል። ለምን ጅቡቲ? ምክንያቱም ያኔ ኢትዮጵያ የራሷ ወደብ አልነበራትም። ከኤርትራ ጋር በፌዴሬሽን የተዋሐደችው ከዓመት ተኩል ገደማ በኋላ፣ መስከረም 1945 ዓ.ም. ነው። ዋናው የባሕር በር ያው የፈረንሳዮቹ ጅቡቲ ነበር። እሱ ደግሞ ለጃንሆይ ትዝታ ያለበት ቦታ ነው። በ1928 ዓ.ም. ጣሊያን አዲስ አበባን ሊይዝ ሲቃረብ በዚያው ባቡር ወርደው፣ ከዚያው ወደብ በእንግሊዝ የጦር መርከብ ተሳፍረው ተሰደዋል። ከዚያ ጄኔቭ ሄደው የዓለም መንግሥታት ማኅበር ፊት ቆሙ። ማኅበሩ ግን ኢትዮጵያን አላዳናትም።

ከ15 ዓመት በኋላ በዚያው ሐዲድ፣ በዚያው ወደብ፣ የኢትዮጵያ ወታደር ለተጠቃ አገር ሊደርስ ሄደ። ኢትዮጵያ ያኔ የለመነችው ነገር አሁን እሷ ለሌላው አደረገችው። ፖለቲካ ነበረበት? አዎ፣ ነበረበት። ጃንሆይ የአሜሪካን ወዳጅነት ይፈልጉ ነበር፤ የጦር መሣሪያና ሥልጠናም እንደዚሁ። ቢሆንም የጄኔቭን ዓመት ለሚያስታውስ ሰው የጅቡቲ ወደብ ላይ መቆም ቀላል ነገር አይመስለኝም።

ስለ ጉዞው ሳነብ አንድ ጊዜ ዝም ብዬ የዚያን ዓመት የጾም ቀናት ቆጠርኩ። ሚያዝያ 8 የተነሱት በዐቢይ ጾም ነው። ሆሳዕና ሚያዝያ 14 ዋለ። ስቅለት 19። ፋሲካ 21። የኮሪያ ወደብ ቡሳን የደረሱት ደግሞ በሚያዝያ 28 ገደማ፣ ዳግማይ ትንሣኤ አካባቢ ነው። ተመልከቱ፣ ሕማማቱም በዓሉም ባሕር ላይ አለፈ። ወታደሩ ከቤቱ ቢሆን ዶሮ ወጡ፣ ዳቦው፣ የሌሊቱ ቅዳሴ አለ። እሱ ግን በአሜሪካ መርከብ ውስጥ፣ ዙሪያውን ውሃ ብቻ እያየ ነው። አብዛኛው የደጋ ልጅ ነው። ቤተሰቡ አገር ቤት ሲያስፈስኩ «ይሄኔ የት ደርሶ ይሆን» ማለታቸው አይቀርም።

የሰፈራችን አንድ አባት ኮሪያ ዘማች ነበሩ። ለበዓል ሜዳሊያቸውን ደርድረው ነው የሚወጡት። እኛ ልጆች ሁሌ የምንጠይቃቸው ስለ ጥይት ነበር። እሳቸው ግን ሳይጠየቁ የሚያወሩት ስለ መርከብ ነው። ሳሙናው አልነሳ፣ አረፋ አልሰጥ ብሎ ሰውነታቸው እንደተጣበቀ መዋሉን። ሆዳቸው የገባውን ሁሉ ሲመልስ፣ አጠገባቸው የተኛው ጓደኛቸው ሎሚ እንዳሸተታቸው። ይሄን ሲያወሩ ፊታቸው ይፈታል። የጦርነቱ ወሬ ሲመጣ ግን ይጠረቅሙታል። አሁን ሳስበው የመርከቡ ጊዜ ሁሉም ጓደኞቻቸው በሕይወት የነበሩበት ጊዜ ነው።

ምክንያቱም ከዚያ በኋላ ያለውን ታውቁታላችሁ። በአሜሪካ 7ኛ እግረኛ ክፍለ ጦር፣ በውስጡ ባለው በ32ኛው ሬጅመንት ሥር ሆነው ተዋጉ። ጦርነቱ በ1945 ዓ.ም. ሐምሌ ላይ በተኩስ አቁም እስኪቆም ድረስ ቃኘው ሻለቆች እየተተካኩ ዘመቱ። ከ120 በላይ ሰው ሞተ፣ ከ500 በላይ ቆሰለ። ለጠላት የተማረከ አንድም የለም።

የሞቱትም ባሕሩን ተመልሰው ተሻግረዋል። ቡሳን ከተማ ውስጥ የተባበሩት መንግሥታት የመታሰቢያ መቃብር አለ። የብዙ አገር ወታደር እዚያ ተቀብሯል። የኢትዮጵያውያኑ አስክሬን ግን ወደ አገሩ ስለተመለሰ ዛሬ እዚያ የኢትዮጵያዊ መቃብር የለም። ኮሪያ ውስጥ ቹንቾን ከተማ ሐውልት ቆሞላቸዋል፤ በ1960 ዓ.ም. ጃንሆይ ራሳቸው ሄደው ነበር። አዲስ አበባም አፍንጮ በር አካባቢ መታሰቢያቸው አለ።

ማክሬስ? በኋላ ለንግድ ድርጅት ተሸጠች። ስሟ ተቀየረ፣ ዕቃ ጫኝ ሆነች፣ በስተመጨረሻም ለቁርጥራጭ ብረት ሄደች። ወታደር ማጓጓዣ ብዙውን ጊዜ ዕጣው ይሄ ነው። መድፍ የተኮሰች መርከብ ሙዚየም ትሆናለች፣ ሰው ያሻገረችው ትቀልጣለች። እኔ ይሄ ያሳዝነኛል፤ ማንም ቢሆን ቢያንስ አንድ ሸራ አልጋዋን አስቀምጦልን ቢሆን እላለሁ።

ስለዚህ አንድ ነገር ልጠይቃችሁ። አባታችሁ ወይ አያታችሁ ኮሪያ ዘማች ከነበሩ ሳጥናቸውን እዩልኝ። ከመርከብ ላይ የተጻፈ ደብዳቤ፣ ፎቶ፣ ጀርባው ላይ ቀን የተጻፈበት ካርድ ካለ ፎቶ አንስታችሁ ላኩልኝ። በሕይወት ያሉ ካሉ ደግሞ ስለ ፋሲካው ጠይቋቸው። ሚያዝያ 21 ቀን 1943 ዓ.ም. ምን በሉ? ማን ቀደሰ? መልሱን በሚቀጥለው ዝግጅት ላይ አነበዋለሁ። ሰላም ሰንብቱ።