የሁለት ሰዎች ፊርማ፦ ስለ አንቶኒዮ ሎፔዝ ሕይወትና ሥራ የተደረገ ንግግር

የተከበራችሁ እንግዶች፣ ውድ የሥዕልና የልብስ ዲዛይን ተማሪዎች፤

ስለ አንድ የፋሽን ሠዓሊ እንድናገር ስለጋበዛችሁኝ ከልብ አመሰግናለሁ። የምጠራቸው ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድሜ ላሳስብ።

አንቶኒዮ ሎፔዝ በ1943 በፖርቶ ሪኮ ተራራማ ክፍል በምትገኘው በኡቱዋዶ ተወለደ። እናቱ ልብስ ሰፊ ነበሩ፤ አባቱ ደግሞ በየሱቁ መስኮት ልብስ የሚለብሱትን የሰው ቅርጾች፣ ማኔኪን የምንላቸውን፣ ይሠሩ ነበር። ቤተሰቡ ወደ ኒውዮርክ ሲሄድ ልጁ የሰባት ዓመት ልጅ ነበር። እናቱ በመንገድ እንዳይውልባቸው ሲሉ ለጥልፋቸው የሚሆኑ አበቦች ያስሉት ነበር፤ አባቱም የማኔኪኖቹን ፊት ያስቀቡት፣ ጸጉራቸውንም ያሰፉት ነበር። ጨርቅ በሰው አካል ላይ እንዴት እንደሚወርድ፣ አካልም ጨርቅን ተሸክሞ እንዴት እንደሚቆም፣ ማንም መምህር ሳያስረዳው በፊት እቤቱ ሲያየው ያደገ ነገር ነው።

በ1960ዎቹ መጀመሪያ በኒውዮርክ የፋሽን ቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት ሲማር፣ እንደ እርሱ የፖርቶ ሪኮ ተወላጅ ከሆነው ከሁዋን ራሞስ ጋር ተዋወቀ። ብዙም ሳይቆይ ትምህርቱን ትቶ ‹ዊሜንስ ዌር ዴይሊ› ለተባለው የፋሽን ጋዜጣ መሳል ጀመረ፤ ከዚያም ለ‹ኒውዮርክ ታይምስ› ሠራ። ጊዜው ለሠዓሊ የሚመች አልነበረም። ‹ቮግ› መጽሔት በ1932 የመጀመሪያውን ባለቀለም ፎቶግራፍ በሽፋኑ ካወጣ ወዲህ ካሜራው የሠዓሊውን ቦታ ገጽ በገጽ ሲወስድ ቆይቶ ነበርና፣ አንቶኒዮ እየተዘጋ ባለ በር የገባ ወጣት ነበር ማለት ይቻላል።

ሥዕሎቹ ላይ የምታነቡት ፊርማ ‹አንቶኒዮ› የሚል ነው። ይህ ፊርማ ግን የሁለት ሰዎች ነው። እርሳሱንና ከሰሉን የያዘው አንቶኒዮ ሲሆን፣ ሐሳቡን የሚያመነጨው፣ ከሥነ ጥበብ ታሪክ መነሻ የሚፈልገው፣ የሥዕሉን አጠቃላይ አቀራረብ የሚመራው ሁዋን ነበር። ከሃያ ዓመታት በላይ እንዲህ ሠርተዋል። ስለ አንዱ ሲወራ ሌላው መረሳቱ በጣም ያሳዝነኛል፤ ዛሬ እዚህ የቆምኩትም በከፊል ለዚህ ነው።

በ1969 ሁለቱ ወደ ፓሪስ ሄዱ። በዚያ ከልብስ ዲዛይነሩ ከካርል ላገርፌልድ ጋር ወዳጅነት መሠረቱ፤ በሥዕል ጠረጴዛቸው ዙሪያም በፋሽን ገጾች ላይ እምብዛም የማይታዩ ፊቶች ተሰበሰቡ። ጥቁር አሜሪካዊቷ ፓት ክሊቭላንድ፣ የጃማይካዋ ግሬስ ጆንስ፣ ገና ከቴክሳስ የመጣችው ጄሪ ሆል ከእነርሱ መካከል ናቸው። ይህ ምን ያህል ክብደት እንደነበረው ለመረዳት፣ የአሜሪካው ‹ቮግ› ጥቁር ሞዴል ለመጀመሪያ ጊዜ በሽፋኑ ያወጣው ገና በኦገስት 1974 መሆኑን ማስታወስ ይበቃል። አንቶኒዮ ከዚያ ቀድሞ እነዚህን ሴቶች ከፊቱ አቁሞ፣ ሙዚቃ ከፍቶ፣ እየጨፈሩ ይስላቸው ነበር። መስመሮቹ የሚንቀሳቀሱ የሚመስሉት ሰዎቹ በእርግጥ ይንቀሳቀሱ ስለነበረ ነው።

ፎቶግራፍ ሲያነሳ ደግሞ ውድ መሣሪያ አልፈለገም። ኮዳክ ለማንኛውም ሰው ብሎ የሠራትን ኢንስታማቲክ የተባለች ቀላል ካሜራ በ1970ዎቹ ከእጁ አይለያትም ነበር። ትንንሾቹን አራት ማዕዘን ፎቶዎች ጎን ለጎን እየደረደረ፣ ሴት በሪባን ስትጠቀለል፣ ስትፈታ፣ እንደገና ስትጠቀለል የሚያሳዩ ተከታታይ ሥራዎች ሠራ። ለእኔ እነዚህ ፎቶዎች የሠዓሊ ፎቶዎች ናቸው፤ ሪባኑ ራሱ በአየር ላይ የተሰመረ መስመር ነው።

ከሥራዎቹ ሁሉ አብዝቼ የምወዳቸውን ልጥቀስ። ቻርልስ ጄምስ፣ ቀሚስን እንደ ሕንፃ በውስጡ አዋቅሮ የሚሠራው ታላቅ ዲዛይነር፣ በስተርጅናው በኒውዮርኩ ቼልሲ ሆቴል በችግር ይኖር ነበር። አንቶኒዮ የዚህን ሰው ልብሶች በሞዴሎች አካል ላይ እያደረገ ለዓመታት ሳለለት። ፎቶግራፍ የቀሚሱን ገጽታ ያስቀራል፤ በእነዚህ ሥዕሎች ግን ክብደቱ የት ላይ እንዳረፈ፣ ስፌቱ ዳሌን ዞሮ ወዴት እንደሚሄድ ይታያል። የልብስ ሰፊ ልጅ ዓይን ካልሆነ ይህን ማን ያያል? ጄምስ በ1978 ሲሞት፣ አሠራሩ በወረቀት ላይ ቀርቶለት ነበር።

አንቶኒዮ በማርች 17 ቀን 1987 በሎስ አንጀለስ ከኤድስ ጋር በተያያዘ ሕመም አረፈ፤ ዕድሜው 44 ነበር። ቫይረሱን ለመግታት የመጀመሪያ የሆነው መድኃኒት በአሜሪካ የተፈቀደው በዚያው ወር ነው። ሁዋን ራሞስም በ1995 ተከተለው። በ2016 ኤል ሙሴዎ ዴል ባሪዮ፣ የኒውዮርክ ፖርቶ ሪካውያን ያቋቋሙት ሙዚየም፣ ሥራዎቻቸውን ሰብስቦ ለሕዝብ አሳየ።

አሁን መብራቱ ይጥፋልንና ሥዕሎቹን አብረን እንመልከት። የመጀመሪያው ከቻርልስ ጄምስ ቀሚሶች አንዱ ነው፤ እባካችሁ ዓይናችሁን ከትከሻው ጀምራችሁ በስፌቱ መስመር ወደ ታች አውርዱት።