አላታ ድልድይ ሲሚንቶ አይንካው!

የጢስ አባይ አባቶችና እናቶች፣ ግንበኞች፣ አስጎብኚዎች፣ ወጣቶች፤ እንደምን ዋላችሁ።

አላታ ድልድይን ስንጠግን በኖራ እንጂ በሲሚንቶ አይሁን ልላችሁ ነው። ድልድዩን ለእናንተ ማስተዋወቅ ለቀባሪ እንደ ማርዳት ነው። በአፄ ሱስንዮስ ዘመን፣ እ.ኤ.አ. በ1620ዎቹ፣ አባይ ከፏፏቴው ወርዶ በጠባቡ ገደል በሚሾልክበት ቦታ ተሠራ። «የፖርቱጋል ድልድይ» ማለት ለምዶብናል፤ ያሠሩት ግን የእኛው ንጉሥ ናቸው፣ ከህንድ የመጡ ግንበኞችም እጅ አለበት።

«በእንቁላል ነው የተገነባው» ሲባልም ሰምተን አድገናል። እንቁላል ገባም አልገባም፣ ድንጋዩን ያያዘው ኖራ ነው። ለዚያውም በቀላሉ የማይገኝ ኖራ! የእኛ ጥቁር ድንጋይ ከእሳተ ገሞራ የወጣ ነው፤ ሲያቃጥሉት ቢውሉ ኖራ አይወጣውም። ትክክለኛውን ድንጋይ ፈልጎ ማምጣት፣ ወደ 900 ዲግሪ በሚደርስ እሳት ማቃጠል፣ ከዚያ በውሃ ማብረድ ነበረበት። ይህን ሁሉ ድካም በአንድ ከረጢት ሲሚንቶ ልንሽረው ነው?

ሲሚንቶ ጠንካራ ነው፤ ጥፋቱም ይኸው ነው። ድልድይ በሙቀትና በብርድ ይላወሳል። ኖራ አብሮት ይላወሳል፣ የገባበትን ውሃም ያስተነፍሳል። ሲሚንቶ ግን እምቢ ይላል፤ ውሃው ከኋላው ይታፈናል፣ የቀረውን አሮጌ ኖራ ያጥባል፣ ከላይ ደህና የመሰለው ግንብ ከውስጥ ይቦረቦራል። ጎንደርን እዩ! በጣሊያን ወረራ ጊዜ ቤተ መንግሥቶቹ በሲሚንቶ ተጠገኑ፤ በኋላ ሲሚንቶውን እየፈለፈሉ በኖራ መተካት ግድ ሆነ። ሁለት ጊዜ ወጪ፣ ሁለት ጊዜ ጉዳት! እኛም ያንኑ ልንደግም?

ግንበኞች፣ አሁን ወደ ሥራው። የተቃጠለውን ኖራ ወደ ውሃ ጨምሩ እንጂ ውሃ አትድፉበት፤ ይፈላል፣ ዓይን ያጠፋል። ጉድጓድ ውስጥ፣ ውሃ ሳይለየው፣ ቢያንስ 3 ወር ይክረም። ሳይበርድ የቀረ ፍንካች ካለ ግንቡ ውስጥ አብጦ ይፈነዳል። ለ1 እጅ ኖራ 3 እጅ የታጠበ ሻካራ አሸዋ፤ ውሃ በልክ፣ ከቀጠነ ሲደርቅ ይሰነጠቃል። የድንጋዮቹ መጋጠሚያ ስፋቱ 2 ሳንቲ ሜትር ከሆነ 4 ሳንቲ ሜትር ወደ ውስጥ አጽዱ፣ ድንጋዩን አርጥቡ፣ ከዚያ ኖራውን ጠቅጥቁ። እርጥብ ጆንያ አልብሱት፣ ቢያንስ ለሳምንት እያረጠባችሁ ጠብቁት። ፀሐይ ቶሎ ያደረቀው ኖራ በጣት ሲነካ ዱቄት ነው።

ሥር የሰደደ ቁጥቋጦ ከተገኘ ይቆረጥ እንጂ አይነቀል፤ ድንጋይ ይዞ ይወጣል። ውሃ መውረጃውም ይጠረግ።

ግንባታው በጥቅምት ተጀምሮ እስከ ጥር ማለቅ አለበት፤ ኖራ ከክረምቱ በፊት ለመጠንከር ወራት ይፈልጋል። ስለዚህ የኖራው ጉድጓድ ከሰኔ ሳያልፍ ይቆፈር፤ አካፋና ዶማ ያላችሁ ስማችሁን አስመዝግቡ።