ቋንቋዋን ተከትላ የተሰደደችው ተዋናይ

ሰላም፣ እንዴት ሰነበታችሁ? ዛሬ ብቻዬን ነኝ። ስለ አንዲት ጀርመናዊት ተዋናይ ላወራችሁ ነው፤ ቴሬዘ ጊዘ ትባላለች። ዓመቶቹን በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጠራው።

በ1898 ሙኒክ ውስጥ ከአይሁድ ቤተሰብ ተወለደች። ደልደል ያለች ሴት ነበረች። የቆንጆ ልጃገረድ ሚና የሚሰጣት አልነበረም፤ ገና በወጣትነቷ አሮጊት ሆና ትጫወት ነበር። ግን ችሎታ ነበራት። በ1926 የሙኒኩን ካመርሽፒለ ቴአትር ቤት ተቀላቀለች።

በ1933 የመጀመሪያ ቀን ከጸሐፊዎቹ እህትና ወንድም ከኤሪካ ማንና ከክላውስ ማን ጋር ሆና በዘፈንና በአጫጭር ድራማ ፖለቲካውን የሚነካ ካባሬ ከፈቱ። ወር ሳይሞላ ሂትለር ሥልጣን ያዘ። በማርች ሀገር ጥላ ወጣች።

እኔን የሚያሳስበኝ ከዚህ በኋላ ያለው ነው። ሐኪም ቢሰደድ በሽታው የትም ያው ነው። ተዋናይት ግን ቋንቋዋን የሚሰማ ሰው ካጣች ምን ይዛ ትቆማለች? አሜሪካ የገቡ የእኛ ተዋንያን ይህን በደንብ ያውቁታል። በ1937 ካባሬው ኒው ዮርክ ላይ በእንግሊዝኛ ተሞከረ፤ አልተሳካም።

ያዳናት የስዊዘርላንዱ ዙሪክ ነው። ጀርመንኛ የሚነገርበት፣ ናዚ ግን የማይገዛው ከተማ። የከተማው ቴአትር ቤት በስደተኛ ተዋንያን ተሞልቶ ነበር። ሚያዝያ 1941 የጀርመናዊው ጸሐፌ ተውኔት የብሬሽት «እናት ኩራዥ» ለመጀመሪያ ጊዜ መድረክ ላይ ሲወጣ መሪዋን ሚና የተጫወተችው እሷ ናት። ደራሲው ራሱ ፊንላንድ ተሰዶ ነበር፤ አላየውም።

ተመልካቹ አለቀሰ። ብሬሽት ይህን ሲሰማ አልወደደውም። ሴትየዋ ከጦርነት እየነገደች፣ ልጆቿን እያጣች፣ ምንም አለመማሯን ሰው እንዲያስተውል ነበር የፈለገው። አንዳንድ ትዕይንቶችንም ቀየረ። ሐሳቡ ይገባኛል፤ እኔ ግን ከተመልካቹ ጎን ነኝ። ጦርነቱ ድንበር ላይ ቆሞ፣ መድረኩ ላይ ያሉት ከዚያው ያመለጡ ሰዎች ሆነው፣ እንዴት አይለቀስ?

ከጦርነቱ በኋላ ወደ ሙኒክ ተመልሳ፣ በ1950 ያንኑ ሚና ብሬሽት ራሱ እያዘጋጃት ተጫወተች። ስዊዘርላንዳዊው ጸሐፌ ተውኔት ዱረንማትም በ1962 «ፊዚሲስቶቹ» የተባለውን ድርሰቱን ለእሷ አበረከተ።

እኔ ግን ከሁሉ የምወደው የ1974ቱን የፈረንሳዊው ዳይሬክተር የሉዊ ማል ፊልም ነው፣ «ላኮምብ፣ ሉሲየን»። ፈረንሳይ ውስጥ ከናዚዎች የተደበቀ አይሁዳዊ ቤተሰብ አያት ሆናለች። ብዙም አትናገርም። ዕድሜዋን ሙሉ በቃል የኖረች ተዋናይ እዚያ በዓይኗ ብቻ ትሠራለች። ካገኛችሁት እዩት፤ አያትየዋ ስትመጣ ደግሞ ስልካችሁን አስቀምጡ።