«ማልፈንክሽን 54»

የተከበራችሁ ወላጆች፣ መምህራን፣ ውድ ተመራቂዎች፣ እንኳን ደስ አላችሁ! ዛሬ የማወራችሁ ኮምፒውተርና ማሽን ስለሚያሳዩን የስህተት መልእክት ነው።

ሥራ የጀመርኩ ሰሞን የአንድ መሥሪያ ቤት ሰርቨር በእኔ እጅ ነበር። ጠዋት ጠዋት ስከፍተው ስለ ሃርድ ዲስኩ የሚያስጠነቅቅ ጽሑፍ ይመጣል። «ኦኬ» የሚለውን ተጭኜ ወደ ሥራዬ እገባለሁ። ሦስት ሳምንት እንዲህ ሆነ። አንድ ሰኞ ዲስኩ አልነሳ አለ። የደመወዝ መዝገቡ እዚያ ላይ ነበር፤ ያለን ባክአፕ ደግሞ የሁለት ወር አሮጌ። የሒሳብ ክፍል ሠራተኞች ሌሊቱን ሙሉ ከወረቀት ላይ እየገለበጡ ሲያስገቡ አብሬያቸው አደርኩ። ዲስኩ ሦስት ሳምንት ሙሉ «ልሞት ነው» ሲለኝ ነበር፤ አላነበብኩትም።

የእኔ ስህተት ያዘገየው ደመወዝ ብቻ ነው። ሰው የሞተበት አለ።

ቴራክ-25 የሚባል የካንሰር የጨረር ማሽን ነበር፤ ካናዳ የተሠራ። እ.ኤ.አ. ከ1985 እስከ 1987 በአሜሪካና በካናዳ ስድስት ሕሙማን ላይ ከልክ ያለፈ ጨረር ለቋል። እ.ኤ.አ. በማርች 1986፣ ቴክሳስ ውስጥ ታይለር በምትባል ከተማ፣ የማሽኑ ኦፕሬተር መረጃ ስታስገባ አንዲት ፊደል ሳተች። ለኤሌክትሮን ጨረር በሚመታው «ኢ» ፈንታ የኤክስሬዩን «ኤክስ» መታች። ወዲያው ተመልሳ አስተካከለች። እጇ ፈጣን ነበር። ጨረሩን ስታስነሳ ስክሪኑ ላይ «ማልፈንክሽን 54»፣ ማለትም «ብልሽት 54»፣ የሚል መጣ። በቃ፣ ይኸው ነው። 54 ምን ማለት እንደሆነ የማሽኑ መመሪያ አያብራራም። ማሽኑ በትንሽ በትልቁ ስለሚቆም፣ «ቀጥል» የሚለውን «ፒ» መጫን ልማድ ሆኗል። ተጫነች።

ታካሚው ሌላኛው ክፍል ውስጥ ብቻውን ነው። የመጀመሪያው ጨረር ሲያርፍበት ኤሌክትሪክ የያዘው መሰለው። ሊነሳ ሲል ሁለተኛው ክንዱን አገኘው። ክፍሉን የሚያሳየው ስክሪን በዚያን ቀን አልተሰካም፤ የድምፅ መገናኛውም ተበላሽቷል። ሰውየው ከአምስት ወር በኋላ ሞተ።

በዚያች ሴት አልፈርድባትም። ቁጥር ብቻ ጽፎ፣ «ቀጥል» የሚል ቁልፍ አጠገቡ ያስቀመጠ ሰው ነው መጠየቅ ያለበት።

የኩባንያው መሐንዲሶች መጥተው ፈተሹ፤ ምንም አላገኙም። ማሽኑ ሥራ ጀመረ። በሚቀጥለው ወር ሌላ ታካሚ፣ ያቺው ኦፕሬተር፣ ያው 54። ይኼኔ የሆስፒታሉ የፊዚክስ ባለሙያ ፍሪትዝ ሄገር ማሽኑን አስቆመ። ከኦፕሬተሯ ጋር ቁጭ ብሎ ያደረገችውን አንድ በአንድ አስደገማት። ደጋግመው ሞከሩት። በመጨረሻ 54ን ራሳቸው አመጡት! ምስጢሩ ፍጥነቷ ነበር። እርማቱ ቶሎ ሲገባ ማሽኑ አያየውም። ቀስ እያለ የሚሞክር መሐንዲስ እንዴት ያግኘው? እኔ ይህን ታሪክ በሰማሁ ቁጥር ልቤ የሚነካው እዚህ ጋ ነው። ሄገር ለኦፕሬተሯ «ተሳስተሽ ነው» አላላትም። «እስቲ አሳዪኝ» ነው ያላት።

ወደ ቤታችን ልምጣ። መጋቢት 1 ቀን 2011 ዓ.ም. ከቦሌ ወደ ናይሮቢ የተነሳው የኢትዮጵያ አየር መንገድ በረራ ኢቲ 302 በስድስት ደቂቃ ውስጥ ቢሾፍቱ አቅራቢያ ወደቀ። 157 ነፍስ። የአውሮፕላኑ አፍንጫ ከአየሩ ጋር ያለውን ማዕዘን ከሚለኩት ሁለት ሴንሰሮች አንዱ የተሳሳተ ቁጥር ሰጠ፤ ኤምካስ የሚባለው ሶፍትዌር አምኖት አፍንጫውን ወደ ታች ገፋ። በዚያ ዓይነት አውሮፕላን፣ በቦይንግ 737 ማክስ ላይ፣ የሁለቱ ሴንሰሮች ቁጥር ሲለያይ ለአብራሪ የሚናገር ማስጠንቀቂያ መኖር ነበረበት። ተጨማሪ መሣሪያ ባልተገዛላቸው አውሮፕላኖች ላይ ግን አይሠራም ነበር፤ ቦይንግም ይህን እ.ኤ.አ. በ2017 ያውቅ ነበር። ቢሠራ ይተርፉ ነበር አልልም። አብራሪው ግን ማወቅ ነበረበት።

ከእናንተ ብዙዎቻችሁ እንዲህ ያለውን የስህተት መልእክት የምትጽፉት ትሆናላችሁ። እባካችሁ፣ «ያልታወቀ ስህተት» ብላችሁ አትለፉ። በስልካቸው ለልጃቸው ብር የላኩ እናት «ስህተት 500» ምን ይሠራላቸዋል? የእሳቸው ጥያቄ አንድ ነው፤ ብሬ ሄደ ወይስ አልሄደም? እሱን ጻፉላቸው። በሚያነቡት ቋንቋ።

ከዚያች ሰኞ ጀምሮ ደብተር ይዣለሁ። የመጣውን መልእክት ቃል በቃል እገለብጣለሁ፤ ቀኑን፣ ከመምጣቱ በፊት የነካሁትን፣ በምን እንደተፈታ። አሁን አራተኛው ላይ ነኝ። የመጀመሪያውን ይዤላችሁ መጥቻለሁ። ከፕሮግራሙ በኋላ እዚሁ መድረኩ ጋ እቆያለሁ፤ ማገላበጥ የምትፈልጉ ኑ።