የሩታ እጆች

ጤና ይስጥልኝ ወዳጆቼ፣ እንደምን ሰነበታችሁ? ዛሬ እንግዳ የለኝም፣ ብቻዬን ነኝ። የማወራችሁ ስለ አንዲት የሊቱዌኒያ ተዋናይት ነው። ሩታ ስታሊሊዩናይቴ ትባላለች። ስሟን ለመልመድ ሁለት ቀን ፈጅቶብኛል፤ አሁንም ከተሳሳትኩ ይቅር በሉኝ። ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ ነው የምጠራው።

ሩታ በ1938 ተወልዳ በ2011 ነው ያረፈችው። የመድረክ ሕይወቷ በሊቱዌኒያዋ ካውናስ ከተማ ካለው ከካውናስ ድራማ ቲያትር ጋር የተያያዘ ነው። ቲያትር ቤቱ ያለበት ጎዳና ስሙ «የነጻነት ጎዳና» ነው። አገሪቱ በሶቪየት አገዛዝ ሥር በነበረችበት ዘመን! ሳስበው ሳቄ ይመጣል።

ፊልምም ሠርታለች። ግን የዚያን ጊዜ ፊልም ለባልቲክ ተዋንያን ግማሽ ቤት ነበር። የሩሲያ ስቱዲዮዎች ጀርመናዊ ወይም እንግሊዛዊ የሚመስል ፊት ሲፈልጉ ይጠሯቸዋል። ከዚያ ድምፃቸውን በሩሲያዊ ይተኩታል። ሶላሪስ በሚባለው የሶቪየት ፊልም ላይ የሊቱዌኒያዊውን ተዋናይ የዶናታስ ባንዮኒስን ፊት ታያላችሁ፣ የምትሰሙት ግን የሌላ ሰው ድምፅ ነው። ቲያትር ላይ ይሄ አይቻልም። ቲያትር ላይ ሩታ በራሷ ድምፅ፣ በራሷ ቋንቋ ነው የምትናገረው።

ስሟን የተከለው ገጸ ባሕርይ ባርቦራ ራድቪላይቴ ናት። ባርቦራ በ16ኛው ክፍለ ዘመን የኖረች የሊቱዌኒያ መኳንንት ልጅ ናት። ባሏ ሞቶባት ሳለ የፖላንድና የሊቱዌኒያ ወጣቱ ንጉሥ ዚግሙንት አውግስጦስ ወደዳት፤ በድብቅም አገባት። እናቱ ንግሥት ቦና ዓይኗን ማየት አልፈለገችም። የፖላንድ መኳንንት «ፍታት» ብለው ወተወቱት። አሻፈረኝ አለ። በ1550 መጨረሻ ዘውድ ጫነላት። ከዚያ አምስት ወር ብትቆይ ነው፤ ሞተች። በፖላንድ ዋና ከተማ በክራኮው መቀበር አልፈለገችም። አገሬ ቪልኒየስ ውሰዱኝ ብላ ነበርና ንጉሡ ራሱ አስከሬኗን ተከትሎ ሄደ።

ዩኦዛስ ግሩሻስ ይሄን ተውኔት አድርጎ ጻፈው። ዮናስ ዩራሻስ በ1972 አዘጋጀው። ሩታ ባርቦራን ሆነች።

1972 ካውናስ ውስጥ ቀላል ዓመት አልነበረም። በግንቦት ወር ሮማስ ካላንታ የሚባል የ19 ዓመት ልጅ የሶቪየትን አገዛዝ በመቃወም እዚያው የነጻነት ጎዳና ላይ ራሱን አቃጠለ። ወጣቱ ለተቃውሞ አደባባይ ወጣ። ባለሥልጣናቱ ከዚያ በኋላ የራሳቸውን ጥላ ነበር የሚጠረጥሩት።

አሁን ወደ መጨረሻው ትዕይንት ልምጣ። ቪልኒየስ የድሮው ከተማ በር ላይ አንዲት የማርያም ሥዕል አለች፤ አውሽሮስ ቫርታይ ይሉታል ቦታውን፣ የንጋት በር ማለት ነው። የሥዕሏ ሞዴል ባርቦራ ናት የሚል አፈ ታሪክ አለ። ዘመኑ አይገጥምም፤ ሥዕሏ የተሣለችው ባርቦራ ከሞተች ከብዙ ዓመታት በኋላ ነው። ግን ሰው ወዶታል። ዩራሻስም ባርቦራ በመጨረሻ ያቺን ማርያም ሆና እንድትታይ አደረገ።

ሥዕሏን በፎቶ አየኋት። ለእኛ ዓይን መጀመሪያ የሚከብደው ልጅ አለመታቀፏ ነው። ምስለ ፍቁር ወልዳ ለለመደ ሰው የሆነ ነገር የጎደለ ይመስላል። እጆቿን ደረቷ ላይ አጣምራለች። አንገቷ ዘንበል፣ ዓይኗ ሰበር ብሏል። ትናንት ማታ መስታወት ፊት እንደዚያ ልቆም ሞከርኩ። ጣቶቼ የት እንደሚያርፉ ጠፋኝ። ደቂቃ ሳይሞላ ትከሻዬ ደከመ፣ ጀበናዬም ገነፈለ።

ትዕይንቱን የሶቪየት ሳንሱር አገደው። ልብ በሉ፣ ያገዱት ንግግር አይደለም። ሰምና ወርቅ ቢሆን ቃሉን ሰርዘው ይገላገሉ ነበር። እዚህ ግን ያስፈራቸው ዝም ብላ የቆመች ሴት ናት።

ዩራሻስ አልዋጥለት አለ። በነሐሴ ወር ሳንሱሩን የሚቃወም ግልጽ ደብዳቤ ጻፈ። ከሥራ ተባረረ፤ በ1974 ከአገር ወጣ። የእሱ ታሪክ ተጽፏል፣ ይገባዋልም። ትልቅ ድፍረት ነው።

እኔን የያዘኝ ግን የሩታ ነገር ነው። እሷ ቀረች። አዘጋጁ ሄዷል፣ መጨረሻው ተቆርጧል፣ ተውኔቱ ግን ይታያል። ሰው ትኬት ቆርጦ ይመጣል። እሷም ባርቦራን ሆና ትወጣለች፣ ትወዳለች፣ ትነግሣለች፣ ትሞታለች። ስለቀረ ሰው «ዝም አለች» ማለት ይቀናናል። እኔ ግን በየምሽቱ እየወጡ ያንኑ መጫወትን ዝምታ ልለው አልደፍርም።

ደጋግሜ የማስበው አንድ ነገር ነው። ያ አቋቋም የተለማመደችው ነው። ሰውነት ደግሞ የለመደውን ቶሎ አይረሳም። ትዕይንቱ ከተቆረጠ በኋላ፣ ተውኔቱ አልቆ መጋረጃው ሊዘጋ ሲል፣ እጆቿን የት ታደርጋቸው ነበር?