አቮካዶዬን ያሰጠምኩት እኔ ነኝ

ጤና ይስጥልኝ። ዛሬ እንግዳ የለኝም፣ ብቻዬን ነኝ። ከጀርባዬ የሚሰማችሁ ዝናብ ነው። ቆርቆሮው ላይ እየወረደ ነው፤ ምንም ላደርገው አልችልም። ደግሞም የዛሬው ወሬ ከእሱ ጋር ስለሆነ ይቀጥል።

በረንዳዬ ላይ አንድ የአቮካዶ ችግኝ ተቀምጧል። ከገዛሁት ሳምንት አለፈው። ያልተከልኩት ሰንፌ አይደለም። ፈርቼ ነው። ከዚህ በፊት አንዱን ገድያለሁ።

እኔ ያደግኩት ዲላ ነው። እዚያ አቮካዶ ከቡናው ከእንሰቱ መሃል ዝም ብሎ የሚበቅል ነገር ነው። እናቴ ፍሬውን በልታ ዘሩን ጓሮ ወርውራው የበቀለ ትልቅ ዛፍ አለን። ማንም ጉድጓድ አልቆፈረለትም። ስለዚህ አዲስ አበባ፣ አያት አካባቢ፣ ግቢ ያለው ቤት ስንከራይ "አቮካዶ ለመትከል ምን ያስፈልጋል?" አልኩ። በኪራይ ቤት ዛፍ ይተከላል ወይ እንዳትሉኝ። ባለቤቴም ያንኑ ብላኛለች።

የዛሬ ሁለት ዓመት፣ ሐምሌ ላይ ነው። ጉድጓዱን የቆፈርኩት በዚያው በተከልኩበት ቀን። አፈሩ ዋልካ ነው፤ አካፋ ላይ እንደ ሊጥ ይጣበቃል። ታች ትኩስ የበግ ፍግ ጠቀጠቅኩበት። ችግኙን ደግሞ እንዲጸና ብዬ እስከ ግንዱ ቀበርኩት። በጣም ኮርቼ ፎቶ ሁሉ አንስቻለሁ።

ነሐሴ ላይ ቅጠሉ ጠወለገ። ጫፉ እየነደደ ቡናማ ሆነ። የጠማው መሰለኝ። ዝናቡ በየቀኑ ይወርዳል፣ እኔ ደግሞ በባልዲ እጨምርለታለሁ! እናቴ ጋ ደውዬ ስነግራት ትንሽ ዝም አለችና "አንተ ልጅ፣ ሩዝ ነው እንዴ የዘራኸው?" አለችኝ።

መስከረም ላይ ነቀልኩት። መሳብ እንኳ አላስፈለገኝም፣ እጄ ላይ መጣ። ነጭ መሆን የነበረበት ሥር ጥቁር ሆኗል። በሁለት ጣቴ ስይዘው ልጡ እንደ ካልሲ ወለቀ፤ ቀጭን ክር ብቻ ቀረ። ሽታው ሳምንት ሙሉ ያልተቀየረ የአበባ ማስቀመጫ ውሃ ነው።

በኋላ ነው የገባኝ። የአቮካዶ ሥር ወደ ታች ብዙ አይወርድም፣ ላይ ላዩን ነው የሚሄደው፤ አየር ይፈልጋል። ውሃ የተኛበት አፈር ውስጥ ፋይቶፍቶራ የሚባል ሥር አበስባሽ ይራባል። ሥሩ ከበሰበሰ ደግሞ ውሃ መሳብ አይችልም። የእኔ ችግኝ ውሃ ውስጥ ቆሞ በጥም ሞተ። እኔም ጥሙን አይቼ ውሃ ጨመርኩለት።

ወሩ አልነበረም ስህተቱ። ሰኔ መጨረሻና ሐምሌ መጀመሪያ ጥሩ ጊዜ ነው፤ በጋው ሳይመጣ ሥር ይይዛል። ጉድጓዱ ግን ግንቦት ላይ መቆፈር ነበረበት። ስልሳ ሳንቲሜትር በስልሳ፣ የላዩ አፈር ለብቻ፣ የታችኛው ለብቻ። ከዚያ በውሃ ትሞሉታላችሁ። በማግስቱም ውሃው እዚያው ካለ፣ እባካችሁ እዚያ አትትከሉ።

ዓምና በሁለተኛው ሙከራ ጉድጓዱን ተውኩት። ቀይ አፈር በጆንያ አስመጥቼ፣ በደንብ ከበሰበሰ ፍግ ጋር ቀላቅዬ ጉብታ ሠራሁ። እስከ ጉልበቴ ይደርሳል። ፕላስቲኩን በምላጭ ቀድጄ፣ ሥሩን ሳልበትን፣ ከነበረበት ሳላጠልቅ ተከልኩት። የተዳቀለ ችግኝ ነው፤ የአንዱ ዛፍ ቅርንጫፍ በሌላው ግንድ ላይ የተገጠመበት። ላዩ ሀስ የሚባለው ዓይነት ነው። የተገጣጠመበት ቦታ እንደ ጠባሳ ይታያል። እሱ ከአፈር በላይ መሆን አለበት። ከሱ በታች የሚያቆጠቁጠውንም አትዘኑለት፣ ቁረጡት፤ እሱ ሌላ ዛፍ ነው።

ኅዳርና ታኅሣሥ ላይ በውርጩ እንቅልፍ አጣሁ። ዲላ እንዲህ ያለ ብርድ አናውቅም። አራት እንጨት ተክዬ ማታ ማታ ጆንያ አለብሰዋለሁ፣ ጠዋት አነሳለታለሁ። ጎረቤቶቼ በግ ያሰርኩ መስሏቸው ነበር። በበጋው ሥሩ ዙሪያ ገለባ ጎዘጎዝኩ፤ ግንዱን ግን እንዳይነካው። ተርፏል። አሁን አዲስ ቅጠል አውጥቷል፣ መዳብ የመሰለ ቀይ።

እና ለምን ሌላ ገዛህ ትሉኝ ይሆናል። የአቮካዶ አበባ ጉደኛ ነው። አንዱ አበባ መጀመሪያ ሴት ሆኖ ይከፈታል፣ ይዘጋል፣ በማግስቱ ወንድ ሆኖ ይመጣል። ሀስ ጠዋት ሴት ነው፤ ኤቲንገር የሚባለው ሌላ ዓይነት ደግሞ ከሰዓት። አንዱ ሴት ሲሆን ሌላው ወንድ ነው። ብቻውንም ያፈራል፣ ጎን ለጎን ሲሆኑ ግን ይሻላል። በረንዳው ላይ ያለው ኤቲንገር ነው።

ከጁስ ቤት ዘር ለምናችሁ፣ በስቴኪኒ ወግታችሁ ብርጭቆ ላይ የሰቀላችሁ ሰዎች አላችሁ፤ አውቃችኋለሁ። ያድግላችኋል። ግን ሰባት፣ ስምንት ዓመት፣ ከዚያም በላይ ሊያስጠብቃችሁ ይችላል፤ ፍሬውም እናቱን ላይመስል ይችላል። የተዳቀለው በሦስት፣ በአራት ዓመት ያሳያችኋል። ኪራይ ቤት ላለ ሰው ልዩነቱ ቀላል አይደለም።

ትናንት ማታ ለኤቲንገሩ ባሰብኩት ቦታ ሙከራ ጉድጓድ ቆፍሬ ሦስት ባልዲ ውሃ ደፋሁበት። ጠዋት ሳየው ታቹ ላይ አንድ ስንዝር ውሃ ነበር። ስለዚህ ቀይ አፈር የሚያመጣልኝ ልጅ ጋ ደውያለሁ፣ ከሰዓት አመጣለሁ ብሏል። ዝናቡም አባራ መሰለኝ። ጆንያዎቹን ከማጀት ላውጣ።