ጳጳሱ የት ይኑሩ?

ሰላም፣ እንዴት ናችሁ? ዛሬ ብቻዬን ነኝ፣ እንግዳ የለም። የምቀዳው ቤቴ ሆኜ ነው። አራት ኪሎ ስለሆንኩ በመሀል ጥሩምባ ከሰማችሁ ቻሉኝ። ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆቹ ነው የምጠራው፣ ካልሆነ እኔም እናንተም እንምታታለን።

ቴዎድሮስ አደባባይ ላይ ያለውን መድፍ ሁላችሁም ታውቁታላችሁ። ከፒያሳ ወደ ቸርችል ስትወርዱ ያለው። ሴባስቶፖል። ዋናው መቅደላ ነው ያለው፣ ይሄ አምሳያው ነው። ታሪኩንም ትምህርት ቤት ተምረነዋል። ጋፋት፣ አፄ ቴዎድሮስ፣ ሰባት ቶን ገደማ የሚመዝን ብረት ተራራ ለተራራ የጎተተው ሕዝብ። እኔ ግን ቆይቼ ነው የሰማሁት፦ መድፉን ያቀለጡትን ፈረንጆች ወደዚህ አገር የላኳቸው አንድ የአንግሊካን፣ የእንግሊዝ ቤተክርስቲያን ማለት ነው፣ ጳጳስ ናቸው። ኢየሩሳሌም ተቀምጠው።

ሳሙኤል ጎባት ይባላሉ። ስዊዘርላንዳዊ ናቸው፣ በ1799 የተወለዱ። መጀመሪያ የመጡት ጳጳስ ሳይሆኑ በፊት ነው፣ በ1830፣ የእንግሊዝ ሚሲዮን ማኅበር ልኳቸው። ደጃዝማች ሰባጋዲስ አዲግራት ላይ ተቀበሏቸው፣ ከዚያ ጎንደር ወጡ። የያዙት በአማርኛ የታተመ ወንጌል ነበር። ያንን የተረጎሙት ካይሮ ይኖሩ የነበሩ ኢትዮጵያዊ መነኩሴ ናቸው። አባ አብርሃም፣ ፈረንጆቹ አቡ ሩሚ የሚሏቸው። ለእሳቸው አንድ ቀን ራሱን የቻለ ክፍል እሠራለሁ፣ ሰው እንዴት እንዲህ ይረሳል?

ጎባት ጎንደር ሲደርሱ አገሩ አቡን አልነበረውም። ይሄን ትንሽ ላብራራው፣ ለኋላ ይጠቅመናል። ለ1600 ዓመት ገደማ የኢትዮጵያ ቤተክርስቲያን ጳጳስ የሚመጣላት ከእስክንድርያ ነበር። ብዙውን ጊዜ አንድ ብቻ። ለዚህ ሁሉ አገር! እሱ ሲሞት ሌላ እስኪመጣ ዓመታት ያልፋሉ። ጎባት ጎንደር በነበሩበት ጊዜ የነበረው ክፍተት የተዘጋው አቡነ ሰላማ በ1841 ሲመጡ ነው። እስከዚያ ቅስና የሚሾም የለም፣ ዲቁና የሚሰጥ የለም። አቡን ሲገኝ ደግሞ ሰው ከየሀገሩ ለወራት በእግሩ እየተጓዘ ይመጣል። ሕፃናት ሁሉ ዲቁና የሚቀበሉት ሌላ ጊዜ አቡን ላይገኝ ይችላል ተብሎ ነው። ሲገኝም አቡኑ ያሉት ቤተ መንግሥቱ አጠገብ ነው። ገጠሩ እሳቸው ጋ ይሄዳል እንጂ እሳቸው ገጠር አይሄዱም።

ወደ ጎባት ልመለስ። ነገሩ አልተሳካላቸውም። አብሯቸው የመጣው ኩግለር አድዋ ላይ ሞተ። ሰባጋዲስ በ1831 ተገደሉ፣ አገሩ ታወከ፣ እሳቸውም ደብረ ዳሞ ተጠጉ። ቆይተው ወጡ። በ1834 ከባለቤታቸው ጋር ተመለሱ፣ ግን አድዋ ላይ በሕመም ተኝተው ከርመው በ1836 ሄዱ። ከአሥር ዓመት በኋላ፣ በ1846፣ የኢየሩሳሌም ጳጳስ ሆኑ። በ1879 እስኪሞቱ እዚያው ነበሩ። ትምህርት ቤት ከፈቱ፣ ኢየሩሳሌም ላሉት የእኛ መነኮሳትም ጠበቃ ሆኑ።

ኢትዮጵያን ግን አልረሷትም። በ1850ዎቹ አንድ ሐሳብ መጣላቸው። ሰባኪ ከምንልክ የእጅ ባለሙያ እንላክ። አንጥረኛ፣ ግንበኛ፣ አናጢ። በእጃቸው ሠርተው ይብሉ፣ ወንጌሉንም በኑሯቸው ያሳዩ። በወረቀት ላይ ቆንጆ ነው። አፄ ቴዎድሮስ ግን ከወንጌሉ ይልቅ እጃቸውን ፈለጉት። መጀመሪያ መንገድ፣ ከዚያ ሠረገላ፣ ከዚያ ሞርታር፣ ከዚያ ሴባስቶፖል። ጳጳሱ ኢየሩሳሌም ናቸው። ደብዳቤ ለመድረስ ወራት ይፈጃል። የላኳቸው ሰዎች ምን እየሠሩ እንደሆነ ሲሰሙ ነገሩ አልፏል።

እኔ ጎባትን አልኮንናቸውም። ሊወቀሱ የሚችሉበት ነገር ቢኖር ርቀታቸው ነው። እሱን ደግሞ ጤናቸው ነው የወሰነላቸው። ግን ይሄ ርቀት የሚባል ነገር ይከነክነኛል። ጳጳስ ከሕዝቡ ምን ያህል ይራቅ?

አሁን አንድ መቶ ሃምሳ ዓመት ገደማ እንዝለል።

ከአራት ኪሎ ብዙ ሳይርቅ የቅዱስ ማቴዎስ አንግሊካን ቤተክርስቲያን አለ። ሲያልፉ ብዙም አይታይም። ብዙ ሰው የኤምባሲ ሰዎች ቤተክርስቲያን ነው ብሎ ነው የሚያስበው፣ እኔም እንደዚያ ነበር የማስበው። የዚያ ቤተክርስቲያን ቄስ የነበሩት አንድሪው ፕራውድ በ2007 የአፍሪካ ቀንድ ረዳት ጳጳስ ሆኑ። ኢትዮጵያ፣ ኤርትራ፣ ጅቡቲ፣ ሶማሊያ። ዋናው መንበር ካይሮ ነው። መኖሪያቸው አዲስ አበባ ነበር። በ2011 ወደ እንግሊዝ ተመልሰው የሬዲንግ ጳጳስ ሆኑ።

እሳቸውን የተኳቸው ካናዳዊ ናቸው፣ ግራንት ለማርኳንድ። አሜሪካ ፔንስልቬንያ ውስጥ የአዲስ ኪዳን መምህር ነበሩ። ከዚያ በፊት ኬንያ አስተምረዋል። በ2012 ካይሮ ላይ ተሾሙ። ባለቤታቸው ዶክተር ዌንዲ ሐኪም ናቸው። እነዚህ ባልና ሚስት አዲስ አበባ አልተቀመጡም። ጋምቤላ ወረዱ።

ይሄ ለምን ገረመኝ? እኛ አዲስ አበባ ያለን ሰዎች ትልቅ ሰው እዚህ ይኖራል ብለን ነው የምናስበው። ዋና መሥሪያ ቤት፣ ጥሩ ሐኪም ቤት፣ ኤርፖርት፣ ኢንተርኔት። ለገጠሩ የመስክ ጉብኝት አለ። ላንድክሩዘር፣ አበል፣ ፎቶ፣ ሪፖርት። ፕሮፌሰር የነበሩ ሰው፣ ወጣትም ያልሆኑ፣ አዲስ አበባን አልፈው ከባሕር ወለል 500 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ያለ፣ ሙቀቱ 40 ዲግሪ የሚደርስ፣ ወባ ያለበት ከተማ መኖር ግዴታቸው አልነበረም። ግን አማኞቹ እዚያ ናቸው። ቅዱስ ማቴዎስ አንድ ቤተክርስቲያን ነው። ሌሎቹ፣ አብዛኞቹ፣ ጋምቤላ ነው ያሉት። ኑዌር፣ አኝዋ፣ ዲንቃ፣ ኦፖ። የጭቃ ግድግዳ፣ የሳር ክዳን፣ አንዳንዴም ዛፍ ሥር።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልጨምር። ጋምቤላ ድሮ የእንግሊዝ ንግድ ጣቢያ ነበር። አፄ ምኒልክ በ1902 ውል ባሮ ዳር ቦታ ሰጧቸው፣ የካርቱም መርከብ ቡና እየጫነ ይሄድ ነበር። ስለዚህ ሰው አንግሊካን የሆነው በዚያ ሰበብ ይመስለዋል። አይደለም። ቤተክርስቲያኗን ይዘው የመጡት ስደተኞች ናቸው። በ1983 የሱዳን ጦርነት ሲነሳ ከደቡብ የሸሹ ሰዎች፣ ኢታንግና ፒኙዶ መጠለያ ውስጥ ከመዝሙራቸው ጋር ተቀመጡ። ፈረንጅ ሚሲዮን አላቋቋማትም። ጳጳሱ የመጡት ተሠርታ ካለቀች በኋላ ነው። ሚሲዮናዊ ሲባል ሁልጊዜ ሰጪና ተቀባይ አድርገን ነው የምንስለው፣ ለእኔ ይሄ ሥዕሉን ገለበጠብኝ።

የአንግሊካን ጳጳስ ሥራ ምንድነው? እንደ እኛው ነው፣ ቄስና ዲያቆን የሚሾመው ጳጳስ ብቻ ነው። ከዚያ በላይ ደግሞ አንድ የተጠመቀ ሰው አድጎ እምነቱን ሲያጸና እጁን የሚጭንበት ጳጳሱ ራሱ ነው። እያንዳንዱን ሰው ማለት ነው። ስለዚህ ገጠር ያለ የአንግሊካን ጳጳስ መንገድ ላይ ነው የሚውለው። ክረምት ሲገባ የጋምቤላ ጥቁር አፈር መኪና ይውጣል። በበጋ ያየኸው መንደር በሐምሌ ደሴት ይሆናል።

አያቴ መንዝ ነው የኖረችው። ጳጳስ አይታ አታውቅም ነበር። ስለ ጳጳስ ስታወራ ስለ ንጉሥ የምታወራ ነበር የሚመስለው። በ1929 የመጀመሪያዎቹ ኢትዮጵያውያን ጳጳሳት ከተሾሙ፣ በ1959ም የራሳችን ፓትርያርክ ከተቀመጠ በኋላ እንኳ፣ ለእሷ ጳጳስ ሩቅ ሰው ነው። ስለ ሃይማኖቷ ስጠይቃት የምትጠቅሰው የነፍስ አባቷን ነው። ታማ የጠየቋት፣ ባሏን የቀበሩት እሳቸው ናቸው። አንድ ጳጳስ ያንን የቄስ ሥራ ጭምር ሊሠራ መንደር ሲወርድ ብታይ ምን ትል ነበር? «ኧረ ክብራቸው!» የምትል ይመስለኛል። ደስ የሚላት አይመስለኝም።

ለማርኳንድ የዶክትሬት ጥናታቸውን የሠሩት በአንድ የወንጌል ታሪክ ላይ ነው። አሥራ ሁለት ዓመት ደም ሲፈስሳት የኖረችው፣ የጌታን ልብስ ጫፍ ነክታ የተፈወሰችው ሴት። የአፍሪካ አንባቢና የምዕራቡ አንባቢ ይሄን ታሪክ እንዴት እንደሚያነቡት ነው ያነጻጸሩት። ለእኛ አገር ሴት ይሄ ታሪክ ሩቅ አይደለም። ወር አበባዋ ላይ ስትሆን ከቤተክርስቲያን ቅጽር ውጭ ቆማ የምትሳለም ሴት ሁላችንም ቤት አለች። እና ይሄን ለዓመታት በቤተ መጻሕፍት ያጠኑ ሰው ጋምቤላ ሲወርዱ ባለቤታቸው እናቶችን ስለ ወሊድ፣ ስለ ንጽሕና፣ ስለ ልጅ ተቅማጥ ያስተምራሉ። ጥናቱና ኑሮው እንዲህ የሚገጥምለት ምሁር ብዙ አላየሁም።

ጊዜው ግን ክፉ ነበር። በ2013 መጨረሻ ደቡብ ሱዳን ተቃጠለች። ሰው ድንበር እየተሻገረ መጣ፣ በ2014 ብቻ ከመቶ ሺህ በላይ። በ2007 ቆጠራ የጋምቤላ ክልል ሕዝብ 307 ሺህ ገደማ ነበር። በ2017 ስደተኛው ራሱ ከ300 ሺህ አልፏል። በጥር 2016 ኑዌርና አኝዋ ተጋጩ። በሚያዝያ ደግሞ የሙርሌ ታጣቂዎች ድንበር ጥሰው ገብተው ከ200 በላይ ሰው ገደሉ፣ ከመቶ በላይ ሕፃናት ወሰዱ። እዚህ ከተማ ለጥቂት ቀን በዜና ሰማነው። ሐዘን ታወጀ። ከዚያ ሌላ ዜና መጣ።

አንድ ጳጳስ ኑዌርም አኝዋም ልጆቹ ሲሆኑ በእንዲህ ያለ ሳምንት ምን ይሰብካል? መልስ የለኝም። ግን እዚያው ከተማ የሚያድር ሰው ማንን መጎብኘት እንዳለበት ይታየዋል። ማን ቤት እንደተቃጠለ ያውቃል። ካይሮ ወይም አዲስ አበባ ያለ ሰው መግለጫ ነው የሚያወጣው።

እንግዲህ ጓደኛዬ፣ ይሄን ስነግረው፣ ዓይኑን አጥብቦ አየኝ። «አምስት ዓመት ነው አይደል የኖሩት? ፓስፖርት ያለው ሰው እኮ ገጠር መኖር ይችላል» አለኝ። ክፉ አፍ አለው፣ ግን ከመሬት ተነስቶ አይናገርም። ለማርኳንዶች በ2017 ጋምቤላን ለቀቁ። መሄጃ ያለው ሰው መኖሩና መሄጃ የሌለው ሰው መኖሩ እኩል አይደለም። ይሄን እቀበላለሁ።

የማልቀበለው ምንም አልቀረም የሚለውን ነው። በእሳቸው ዘመን ጋምቤላ ላይ የቄሶች ኮሌጅ ቆመ። ስሙ ቅዱስ ፍሬምናጦስ። ገባችሁ? የእኛው አባ ሰላማ ከሣቴ ብርሃን! በአራተኛው ክፍለ ዘመን አትናቴዎስ እስክንድርያ ላይ ጳጳስ አድርጎ የላካቸው። ያ ሁሉ የአቡን ታሪክ የሚጀምረው ከእሳቸው ነው። በ2020 ደግሞ ካይሮ ያለው የአንግሊካን ሀገረ ስብከት ራሱን ቻለና የእስክንድርያ ተባለ። እኛ ከእስክንድርያ ለመላቀቅ 1600 ዓመት ፈጀብን፣ አንግሊካኖቹ ደግሞ በዚያው በር ገቡ። ታሪክ አንዳንዴ ይቀልዳል።

ኮሌጁ ግን ቀልድ አይደለም። ድሮ ዲያቆን ለመሆን ሰው ከመንደሩ ወጥቶ ጎንደር ድረስ ይሄድ ነበር። ለጋምቤላ ልጅም እስከ ቅርብ ጊዜ ትምህርት ማለት ወይ አዲስ አበባ ወይ ናይሮቢ ነበር። ናይሮቢ የሄደ ደግሞ ተመልሶ ዛፍ ሥር ላያስተምር ይችላል። ማን ይፈርድበታል? እኔስ አራት ኪሎን ለቅቄ የት ልሄድ? አሁን እዚያው ይማራል፣ ቅዳሜና እሑድ መንደሩ ሄዶ ያገለግላል።

ለዛሬ ይሄው ነው። ጋምቤላ ሆናችሁ የምታዳምጡኝ ካላችሁ፣ በተለይ ኮሌጁ ውስጥ የተማራችሁ፣ ቴሌግራም ላይ የድምፅ መልእክት ላኩልኝ። እኔ ከዚህ ሆኜ ከማወራ እናንተ ብታወሩ ይሻላል፣ ቀጣዩን ክፍል ለእናንተ እለቃለሁ። ደህና ሰንብቱ።